«አይ» ያለው የሞጣ ድንጋይ

ጡረታ ወጥቼ ቢቸና ከገባሁ ወዲህ ገበያ ላይ የሚያገኘኝ ሰው ሁሉ "አዲስ አበባ ምን ነበር ሥራህ?" ይለኛል። "ሐውልት አጣቢ" እላለሁ። ሰውየው መጀመሪያ ይስቃል። እንዳልቀለድኩ ሲያይ ደግሞ "ሐውልትን ምን ያቆሽሸዋል?" ብሎ ይጠይቃል። "እርግብ" እላለሁ። እውነቴን ነው። የማዘጋጃ ቤት ሠራተኛ ሆኜ ዕድሜዬን የጨረስኩት ከእርግብ ኩስ ጋር ስታገል ነው።

በእርግጥ ማጠብ ብቻ አልነበረም። ድንጋይ ጠርቤአለሁ፣ የተሰበረ ደረጃ ጠግኛለሁ፣ ነሐስ በሰም አሽቻለሁ፣ በመጨረሻም ፊደል ቀራጭ ተብዬ ነው የተሰናበትኩት። ደመወዙን አትጠይቁኝ፤ ጡረታዋንም እንዲሁ። ሥራውን ግን ወድጄው ነበር። አሁንም እወደዋለሁ፣ ምን አስደበቀኝ።

አባቴ ቅኔ ቤት አስገብተውኝ ነበር። በእኛ አገር ልጅ ለቅኔ ይፈጠራል ተብሎ ይታመናል፤ የእኔ ጭንቅላት ግን አልተፈጠረም። ጓደኞቼ ቅኔ ሲቆጥሩ እኔ ከቤተ ክርስቲያኑ አጥር በወደቀ ድንጋይ ላይ በምስማር ስሜን እጭር ነበር። የኔታ አንድ ቀን ደረሱብኝና "ይርሳው፣ ትምህርቱን ረስተህ ስምህን ብቻ ይዘሃል" አሉኝ። ስሜ ይርሳው ነው። ይህን ስም ይዞ ቢቸና ውስጥ ቅኔ ቤት መግባት ምን እንደሚያስከትል እናንተው አስቡት። አንድ ጥያቄ ሳልመልስ በቀረሁ ቁጥር "ስም ይመራዋል" እያሉ ሲስቁብኝ ሰለቸኝና አዲስ አበባ አጎቴ ዘንድ ገባሁ። የቅኔ ነገር በዚሁ አበቃ ብዬ ነበር።

የተቀጠርኩት ጋሽ ተካልኝ ከሚባሉ ጠራቢ ሥር ነው። ረጅም፣ ቀጭን፣ በጋ ከክረምት ካፖርት የማያወልቁ ሰው ነበሩ። የመጀመሪያው ቀን መዶሻ ይሰጡኛል ብዬ ስጠብቅ አንድ ድንጋይ አሳዩኝና "አንኳኳው" አሉኝ። በጣቴ አንጓ አንኳኳሁ።

"ምን አለህ?"

"ምንም አላለኝም ጋሼ።"

"እንግዲያው እስኪልህ አንኳኳ" ብለውኝ ሻይ ሊጠጡ ሄዱ።

ጤነኛ ድንጋይ ሲመቱት ይጮኻል። ውስጡ የተሰነጠቀው ግን ድምፁ ይታፈናል፤ እንደ ታመመ ሰው ያቃስታል። ይህን ለመለየት የጣቴ አንጓ እስኪላጥ አንኳኩቻለሁ። ለየሁ ስላቸውም አላመኑኝም፤ ዓይኔን በሻሽ አስረው ከድንጋይ ድንጋይ አዞሩኝ። ሠራተኛው ሁሉ ከቦ ይስቃል፣ እኔ እንደ ዕውር እየዳበስኩ አንኳኳለሁ። ሁሉንም ስመልስ "በል አሁን መዶሻ ስጡት" አሉ።

ሻይ ሲጠጡ ጀርባቸውን ለሥራቸው ሰጥተው ነው። ስኳሩን ያማስላሉ፣ የባጡን የቆጡን ያወራሉ፣ ከዚያ ድንገት ዞር ብለው የጠረቡትን ያዩታል። "ዓይን የለመደውን አያይም፤ ሳያስበው ነው መያዝ ያለበት" ይሉ ነበር። በዚያች ዞር ማለት የተዛነፈ መስመር ስንቴ እንደያዙ እኔ ምስክር ነኝ።

ፊደል ሲሆን ደግሞ ሌላ አመል ነበራቸው። ከመቅረጻቸው በፊት ጽሑፉን በከሰል ድንጋዩ ላይ ይጽፉና መንገደኛ ይጠራሉ። ሎተሪ አዟሪ ይሁን፣ ጠበቃ ይሁን፣ ሰካራም ይሁን ግድ የላቸውም። "እስቲ ጮክ ብለህ አንብብልኝ።" ሰውየው ያነባል፤ እሳቸው ዓይናቸውን ጨፍነው ያዳምጣሉ። ከተደናቀፈ ጽሑፉ ተሰርዞ እንደገና ይጻፋል። "እኛ የምናነበው ያሰብነውን ነው፤ እሱ ግን የተጻፈውን ያነብልናል" ይሉኝ ነበር። እኔ በልቤ "እኚህ ሽማግሌ ሰው ማስቸገር ይወዳሉ" እላለሁ። አንድ ቃል ስለተሳሳተ የለፋንበትን ከሰል ስንቴ አጥበናል!

አለቆች መጡ፣ አለቆች ሄዱ። አንደኛው በዓል ሲደርስ የነሐስ አንበሳችን ወርቃማ ቀለም ይቀባ ብሎ አዘዘ። ነሐስ ቀለም ሲቀቡት ይታፈናል፣ ዝርዝሩም ይጠፋል። ጋሽ ተካልኝ ታዲያ አልተከራከሩም። "ይቀባል ጌታዬ፣ ግን መጀመሪያ መታጠብ አለበት" አሉ። አጠብን። ሰውየው ሲመጣ "ገና አልደረቀም" ይሉታል። ሲደርቅ "ጆሮው ሥር ቆሻሻ ቀረ" ይሉና እንደገና እናጥባለን። በዓሉ አለፈ፣ አለቃውም ወደ ሌላ መሥሪያ ቤት ተዛወረ። አንበሳው እንደዚያ ጊዜ ንጹሕ ሆኖ አያውቅም።

ዘመን ሲለወጥ ሐውልትም ይለወጣል። ሲተክሉም ሲነቅሉም አለሁ። ሲተከል ያጨበጨበ ሰው ሲነቀልም ሲያጨበጭብ በዓይኔ አይቻለሁ። ጋሽ ተካልኝ የተነቀለውንም እንደሚተከለው አድርገው በጆንያ ጠቅልለው ነበር የሚያስጭኑት። "ድንጋዩ ምን አደረገ?" ይላሉ። መንገድ ሊሰፋ ተብሎ ከአንድ አደባባይ ላይ ያነሣነው ሐውልት ነበር። እሱ ከተነሣ ስንትና ስንት ጊዜው፤ የታክሲ ረዳት ግን ዛሬም በስሙ እየጠራ ይጭናል፣ ሰውም በስሙ ይወርዳል። ሐውልቱን በዓይኑ አይቶ የማያውቅ ልጅ ሁሉ "እዚያ ጋ እንገናኝ" ይባባላል። ሥራችን ከንቱ እንዳልሆነ ያመንኩት ያን ጊዜ ነው።

ጋሽ ተካልኝ ካፖርታቸውን እንደለበሱ አረፉ፤ ነፍሳቸውን ይማር። እኔም በተራዬ ጡረታዬ ደረሰና ወደ አገሬ ገባሁ።

ቢቸና ተቀምጬ ቡናና ጌሾ ስተክል አንድ ቀን ሐጂ እንድሪስ የሚባሉ የሞጣ ነጋዴ በደብረ ወርቅ በኩል በሚኒባስ መጥተው በሬን አንኳኩ። መንገዱ የሚዘጋበት ጊዜ ስለበዛ እንግዳ ብርቅ ነበር። ጨርቃ ጨርቅ ይሸጣሉ፤ ሰውነታቸው ሞላ ያለ፣ ሲናገሩ እጃቸው የማያርፍ ሰው ናቸው።

"አያ ይርሳው፣ አዲስ አበባን አሳምረሃል አሉ። ለእኛስ?"

"ለማን ነው የሚቆመው?" አልኳቸው። ጀግና ወይም ሹም ይሉኛል ብዬ ነበር።

"ለእማማ ደብሬ" አሉ።

እማማ ደብሬ የሞጣ አዋላጅ ናቸው። ሐኪም ቤት ሩቅ በነበረበት ጊዜ በጭቃም በጨለማም የተጠሩበት ሁሉ ሄደው ያዋልዱ ነበር። የቄሱንም ሚስት አዋልደዋል፣ የሼኹንም። ሐጂ እንድሪስ ራሳቸው በእሳቸው እጅ ነው የተወለዱት። "በእግሬ መጣሁ አሉ፣ እሳቸው ናቸው አዙረው ያወጡኝ። እናቴም እኔም የተረፍነው በእሳቸው ነው" አሉ።

"መቼ አረፉ?"

"ኧረ አሉ! አላህ ያቆያቸው።"

"ሐውልት እኮ ለሞተ ሰው ነው ሐጂ።"

"ሲሞቱ ማን ያነብላቸዋል?"

እሺ አልኩ። ምስል እንዳይሆን ተስማማን፤ ከመስጊድም ከቤተ ክርስቲያንም የወጣ ሰው ሁሉ ሳይሳቀቅ የሚቀመጥበት እንዲሆን። አንድ ረጅም የቆመ ድንጋይ፣ ከሥሩ ደግሞ የድንጋይ መደብ፤ ከገጠር ወደ ሆስፒታል የሚመጡ ነፍሰ ጡሮች አረፍ የሚሉበት።

ሞጣ ሄጄ ድንጋዩን ራሴ መረጥኩ። ጥቁር ነው፣ ጠባብ ነው፣ ሳንኳኳው ግን እንደ ደወል ነው የጮኸው። ሐጂ እንድሪስ ያሰባሰቡት የሐውልቱ ኮሚቴ ጽሑፉን ሰጠኝ፦ "እማማ ደብሬ የሞጣ አዋላጅ ልጆችዎ አይረሱዎትም።" ልጆችዎ ማለት በእጃቸው የተወለደው ሁሉ ነው። የማኅፀናቸው ልጅ አንድ ብቻ ነው፣ ሙሉቀን ይባላል፤ አዲስ አበባ ከሄደ ብዙ ዓመቱ ነው፣ አንድም ቀን አልተመለሰም። ይህን እኔ ያን ጊዜ አላውቅም ነበር። አገሩ ሁሉ ግን ያውቃል።

ለምረቃው ኮሚቴው ልጁን ፈልጎ አገኘውና ጠራው። እመጣለሁ አለ። ሐጂ እንድሪስ ደስታቸው ልክ አልነበረውም፤ "ድንገት እናስደስታቸው" ብለው ድንጋዩን በሸራ አስጋረዱት። ማንም እንዳያይ ተባለ። እኔ ሸራው ውስጥ ሆኜ እቀርጻለሁ። መንገደኛ ጠርቼ ላስነብብ አልችልም፤ ደግሞስ የገዛ አገሬ ፊደል፣ ምን ያስነብበኛል?

ድንጋዩ ጠባብ ነው ብያለሁ። ፊደሉ ከሩቅ እንዲነበብ ተለቅ ማለት አለበት። "አይረሱዎትም" የሚለው ቃል በአንድ መስመር አልገባ አለኝ። የብራና መጻሕፍት መስመር ሲሞላባቸው ቃሉን ከመሀል ቆርጠው ወደ ታች ያወርዱታል፤ ነውር አይደለም። እኔም እንዲሁ አደረግሁ። አራት መስመር፣ ግራ ቀኙ እኩል፣ ቱንቢ የማይነቅፈው ሆኖ ወጣልኝ፦

እማማ ደብሬ
የሞጣ አዋላጅ
ልጆችዎ አይ
ረሱዎትም

በጣም አማረኝ። አዲስ አበባ ቢሆን ይህን ሺህ ሰው አንብቦ ያልፈዋል። ሞጣ ግን ከአዲስ አበባ ይለያል፤ ቅኔ ቤት ባለበት አገር ሰው የሚያነበው ሰሙን አልፎ ወርቁን ፍለጋ ነው።

የምረቃው ጠዋት አደባባዩ በሰው ሞላ። እናቶች ልጆቻቸውን አዝለው፣ ቀሳውስቱ ጥላቸውን ዘርግተው፣ ሼኾቹ በነጭ ለብሰው መጡ። እማማ ደብሬ ከባጃጅ ሲወርዱ እልልታው ቀለጠ። ትንሽ ሴት ናቸው፤ ጎብጠው የበለጠ አንሰዋል። ክንዳቸውን የያዘው ጎልማሳ ሙሉቀን ነበር። ማታ ነው የገባው፤ ከሰዓት በኋላ ሊመለስ ትኬቱን ይዟል ተባለ። እማማ ወደ ድንጋዩም ወደ ሰዉም አያዩም፣ ወደ እሱ ብቻ ነው የሚያዩት።

ሐጂ እንድሪስ ሸራውን ሳቡት። እልል ተባለ። ከዚያ እልልታው መሀል ላይ ቀጥ አለ።

ከፊት የቆሙት መሪጌታ ጥበቡ፣ የቅኔ መምህሩ፣ ከንፈራቸውን እያንቀሳቀሱ ሁለቴ አነበቡ። ለበዓል መርጡለ ማርያም ሰንብተው ገና መግባታቸው ነበር። ወደ እኔ ዞሩና በሹክሹክታ "ሰሙ ደግ ነው፤ ወርቁን ማን አወጣው?" አሉኝ።

"የምን ወርቅ?" አልኩ። ያን ጊዜ ከኋላ አንድ ቀልደኛ እንደ ዘመድ ለቀስተኛ ድምፁን አርዝሞ አነበበው፦ "ልጆችዎ… አይ! ረሱዎትም!"

ሳቁ ከዳር ዳር ሄደ። አንዴ ከሰሙት በኋላ ሌላ ምንም አይነበብም! አይ፣ ረሱዎትም። አንድያ ልጃቸው ጥሏቸው በቀረባቸው እናት ፊት፣ ልጁ ራሱ በቆመበት፣ በድንጋይ ላይ ተጽፎ።

ሙሉቀን ፊቱ አመድ መሰለ። "ስድብ ለመስማት ነው የጠራችሁኝ?" አለና የእናቱን ክንድ ለቀቀ። ሰዉን ሰንጥቆ ወጣ።

እማማ ማንበብ አይችሉም። "ምን አለ? ምን ብሎ ነው የተጻፈው?" እያሉ የቆመውን ሰው ሁሉ ፊት ያያሉ። አንድም ሰው አልመለሰላቸውም። በሥራ ዘመኔ ሐውልት ሲወድቅ አይቻለሁ፣ ድንጋይ እግሬ ላይ ወድቆብኝ ያውቃል፤ እንደዚያች ቅጽበት ግን አጥንቴ ድረስ የተሰማኝ ነገር የለም። በዚህ ጉልበቴ እየሮጥኩ ሙሉቀንን ተከተልኩት።

መናኸሪያ ስደርስ የባሕር ዳሩ ሚኒባስ ውስጥ በመስኮቱ በኩል ተቀምጧል። ረዳቱ "ባሕር ዳር! አንድ ሰው! አንድ ሰው ብቻ!" ይጮኻል።

"ወንድሜ ሙሉቀን፣ እባክህ ውረድ።"

"ጋሼ፣ ያላችሁኝን አይቻለሁ። ይበቃኛል።"

"ማንም ምንም አላለህም። ድንጋዩ ጠቦኝ ነው።"

"ድንጋዩ ጠቦ!" አለ። ከንዴቱ የተነሣ ሳቀ።

"ቃሉ አልገባ ቢለኝ ከመሀል ቆርጬ ወደ ታች አወረድኩት። በማርያም ልማልልህ! አንተን እኮ ከዛሬ በፊት አይቼህም አላውቅ።"

"እርስዎ ባያውቁኝ ሰዉ ያውቀኛል። ሲስቅ አልሰሙም?"

"አባቴ ይግቡ፣ እርስዎ ከገቡ ሞላ" አለኝ ረዳቱ። ዞር በል አልኩት።

ሙሉቀን ወደ ጉልበቱ እያየ ቀስ ብሎ ማውራት ጀመረ። "በየዓመቱ ልምጣ እላለሁ። ባዶ እጄን ምን ብዬ? ዘንድሮ ይሻል ይሆናል እላለሁ፣ ዘንድሮም ያው ነው። እንዲህ እንዲህ ስል ዓመቱ በዛ፤ ባዶ እጄ ቀርቶ መቅረቴ ራሱ ያሳፍረኝ ጀመር። እንዴት እንደ ቆየሁ እኔም አላውቀውም።"

ልጅ የለኝም፤ እንዲህ ላለ ሰው ምን እንደሚባል አላውቅበትም። የማውቀው ድንጋይ ነው። ስለዚህ የማውቀውን ነገርኩት።

"ስማኝ። አሁን ከሄድክ ድንጋዩ እውነት ይሆናል። ሞጣ ይርሳው ተሳሳተ አይልም፤ ልክ ጻፈ ነው የሚለው። ከቆየህ ግን ስሕተት ነው። ስሕተት ደግሞ ይጠረባል።"

"የተቀረጸ ድንጋይ ይጠፋል እንዴ?"

"ድንጋይ ውፍረት አለው። ፊቱን በሙሉ አንድ ጣት ያህል ወደ ውስጥ ካወረድኩት ጽሑፉ አቧራ ሆኖ ይሄዳል፤ ከሥሩ ያልተነካ ፊት ይወጣል።"

"ቢሰነጠቅስ?"

"ያን ጊዜ ለእኔም ከጎንህ ቦታ ያዝልኝ፤ እኔም ሞጣ መቆሚያ የለኝም።"

ረዳቱ በሩን እየደበደበ "ሰዎች፣ ትሄዳላችሁ ወይስ አትሄዱም?" አለ። ሙሉቀን ቦርሳውን አንሥቶ ወረደ።

አደባባዩ ላይ ስንደርስ ሰዉ አልተበተነም። እማማ ደብሬ መደቡ ላይ ተቀምጠው ሐጂ እንድሪስ ጥላ ይዘውላቸዋል። ሙሉቀን ከእግራቸው ሥር ቁጢጥ አለ።

"እናቴ፣ ልጆችዎ ረሱዎት ነው የሚለው።"

እማማ "ታዲያ መቼ ነው የምትሄደው?" አሉት። ስለ ድንጋዩ አልጠየቁም።

"ዛሬ ነበር።"

"አሁንስ?"

"እሳቸው ድንጋዩን እስኪያርሙ።"

እማማ ቀና ብለው ድንጋዩን ለመጀመሪያ ጊዜ አስተውለው አዩት። ከዚያ እኔን። "ትልቅ ድንጋይ ነው አይደል?" አሉኝ።

"ትልቅ ነው እማማ።"

"እሰይ" አሉ።

በማግስቱ ጀመርኩ። ጥርስ ባለው መሮ ከላይ ወደ ታች እየቦጨቅኩ እወርዳለሁ፤ በየጥቂቱ ቆሜ አንኳኳለሁ። ሲጮህልኝ እቀጥላለሁ። አንድ ጊዜ ታችኛው ጥግ ላይ ድምፁ የታፈነ መሰለኝና መዶሻዬ ከእጄ ሊወድቅ ነበር። ጆሮዬን ለጥፌ ደጋግሜ ሳንኳኳ ለካ ሐጂ እንድሪስ በዚያ በኩል ተደግፈውት ኖሯል! "ኧረ በአላህ ይነሡልኝ!" አልኳቸው። ሰዉ በሳቅ ሞተ፣ እሳቸውም አብረው።

ሙሉቀን ውኃ እያመላለሰ አቧራውን ያስተኛልኛል። እናቱ መደቡ ላይ ይቀመጣሉ። የሚያልፈው ሁሉ ቆሞ ሰላም ይላቸዋል፤ አንዲት እናት "እኔን ያዋለዱ፣ ልጄንም ያዋለዱ" ብላ ጉልበታቸውን ስማ ትሄዳለች፣ ሌላዋ ትተካለች። ሙሉቀን ባልዲውን ይዞ ያዳምጣል። እናቱን የማያውቃቸው እስኪመስለው አዲስ ነገር ይሰማል። እሱም ቀስ በቀስ ማውራት ጀመረ፤ አዲስ አበባ የት እንደሚኖር፣ ምን እንደሚሠራ፣ ሚስቱ ማን እንደምትባል። ሁለቱ ልጆቹን ለአያታቸው በስልክ አሳያቸው። እማማ ስልኩን በሁለት እጃቸው ይዘው፣ ሲያዋልዱ እንደሚይዙት ጨቅላ፣ አልሰጥም አሉት። እኔ ፊቴን ወደ ድንጋዩ አዞርኩ፤ አቧራ ዓይኔ ውስጥ ገባ አልኩ። ውሸቴን ነው፣ አልቅሼ ነው።

መሪጌታ ጥበቡ በየቀኑ ከተማሪዎቻቸው መልስ ይመጣሉ። "ለመሆኑ ስምህ ማነው?" አሉኝ አንድ ቀን።

"ይርሳው።"

"ይርሳው! የጻፍከው ደግሞ ረሱዎትም!" እጃቸውን በእጃቸው መቱ። "ከቅኔ ቤት አልሆነልኝም ብለህ ሸሸህ አሉ። ይኸው ሳታውቀው ተቀኘህ! ተማሪዎቼ ዓመት ሙሉ ደክመው እንዲህ ያለ ኅብረ ቃል አላመጡልኝም። መፍረሱ ያሳዝናል እንጂ።"

"መሪጌታ፣ እባክዎ አያሳቁኝ፣ መሮው ይስታል።"

ፊቱ ንጹሕ ሆኖ ሲወጣ አዲሱን ጽሑፍ በከሰል ጻፍኩ። ፊደሉን አሳንሼ "አይረሱዎትም" ለብቻው አንድ ሙሉ መስመር ይዟል። ከዚያ መንገደኛ ጠርቼ እንደ ጋሽ ተካልኝ ዓይኔን ጨፍኜ አዳመጥኩ። ሽንኩርት ሻጯ አነበበች። ልብስ ሰፊው አነበበ። ዲያቆኑ አነበበ። ያ ቀልደኛም ተጠርቶ መጣ፤ ወደ ላይ ወደ ታች፣ ከቀኝ ከግራ ቢያገላብጠው ምንም አላገኘም። "ወርቅ የለውም" አለ፣ ቅር ብሎት። መሪጌታም "የለውም" አሉ። እንዲህ ያለ ምስጋና ተቀብዬ አላውቅም።

መቅረጹን ጀመርኩ። አሁን አልቸኩልም። ሙሉቀን ሲመሽ ሲመሽ "ምን ያህል ቀረ?" ይለኛል፤ ያን ያህል ቀረ እለዋለሁ። ከሥራ ቦታው ደጋግመው ይደውሉለታል፤ ከመደቡ ራቅ ብሎ ያነጋግራል፣ ሲመለስ ፊቱ ጭንቅ ይላል። መመራመር የሚያስፈልገው ነገር አልነበረም። መሄድ አለበት፣ የሚሄድበት ቤትና የሚያበላቸው ልጆች አሉት።

የመጨረሻው ቀን ከሰዓት በኋላ ሙሉቀን የነገ ጠዋቱን ሚኒባስ ሊጠይቅ ወደ መናኸሪያ ወረደ። እማማ ደብሬ ከመደቡ ተነሥተው፣ ድንጋዩን በእጃቸው እየተደገፉ ወደ እኔ መጡ። የሠራሁትን ፊደል አንድ በአንድ ዳሰሱት።

"አለቀ?"

"አንዲት ፊደል ቀረች እማማ። 'ም' ብቻ።"

ወደ መናኸሪያው መንገድ አዩ። ልጁ እየተመለሰ ነበር። ወደ ጆሮዬ ጠጋ ብለው፣ ምጥ የያዛት ሴት እንደሚያባብሉ ሁሉ በለሰለሰ ድምፅ "ልጄ፣ እንደ መጀመሪያው ትንሽ አትሳሳትልኝም?" አሉኝ።

ሙሉቀን ደርሶ ከእናቱ ጎን ቆመ። ድንጋዩን አየ፣ እኔን አየ። "ጨረሱ ጋሼ?"

መሮዬን አነሣሁና ስለቱን በአውራ ጣቴ ዳሰስኩት። ምላጭ ነበር።

"ደንዟል" አልኩት። "አንጥረኛው ደግሞ ዛሬ የለም። ነገ ይሳላል። ምናልባትም ከነገ ወዲያ።"